ውኃ የሌለበት ቅባት፦ ከንብ ሰምና ከዘይት የሚሠራ የቆዳ ክሬም

ከተፈጥሮ ዘይትና ከንብ ሰም የቆዳ ክሬም እንደምሠራ የሚያውቁ ሰዎች ደጋግመው የሚያነሡልኝ ጥያቄ «ከሚሸጠው ይሻላል ወይ?» የሚል ነው። ለዚህ አጭር መልስ መስጠት ይቸግረኛል፤ ምክንያቱም አብዛኛውን ጊዜ ጠያቂው በልቡ የያዘው ሌላ ጥያቄ ነው፤ ተፈጥሯዊ የሆነ ነገር ሁሉ በፋብሪካ ከተሠራው ይልቅ ለቆዳ ይስማማል ወይ ማለቱ ነው። ለዚህ ለተደበቀው ጥያቄ መልሴ «አይደለም» የሚል ሲሆን፣ በግልጽ ለተጠየቀው ግን ክሬሙ ምን እንዲሠራልን እንደምንፈልግ ሳይታወቅ መልስ አይገኝለትም። ከዘይትና ከሰም የሚዘጋጅ ቅባት በሚገባ የሚፈጽመው አንድ ሥራ አለ፤ እሱም በቆዳችን ውስጥ ያለው ውኃ ተንኖ እንዳያልቅ መከላከል ነው። ከዚያ ውጭ የሚወራለት፣ ቆዳን ይመግባል፣ መርዝ ያወጣል፣ ዕድሜን ወደ ኋላ ይመልሳል የሚባለው ሁሉ፣ ወይ የተጋነነ ነው ወይ ጨርሶ እውነትነት የለውም። እኔን ያሳመነኝና እስከ ዛሬ ያቆየኝ ግን ይኸው የሥራው አንድ መሆን ነው፤ በብልቃጡ ውስጥ የገባውን እያንዳንዱን ነገር አውቀዋለሁ፣ ለምን እንደገባም መናገር እችላለሁ።

ነገሩ ከቆዳው ይጀምራል። የቆዳችን የላይኛው ሽፋን ከ15 እስከ 20 በሚደርሱ፣ እርስ በርስ በተነባበሩ የሞቱ ሕዋሳት የተሠራ ነው። ሕዋሳቱ እንደ ጡብ ተደርድረው፣ በመካከላቸው ያለውን ክፍተት ሴራማይድ፣ ኮሌስትሮልና ፋቲ አሲድ የሚባሉ ቅባት ነክ ነገሮች እንደ ጭቃ ሞልተው ያያይዟቸዋል። ከሰውነታችን ውስጥ ወደ ውጭ የሚወጣው ውኃ በዝግታ እንዲተን፣ ከውጭ የሚመጣው ተሐዋሲም እንዳይገባ የሚያደርገው ይህ ስስ ሽፋን ነው። በሳሙና አዘውትሮ መታጠብ፣ በጣም የሞቀ ውኃ፣ ደረቅ አየርና ነፋስ በሕዋሳቱ መካከል ያለውን ቅባት ሲያሳሱት ውኃው ከተለመደው በላይ ይተናል፤ ቆዳውም ይሻክራል፣ አመድማ ይመስላል፣ ሲብስም ይሰነጠቃል። መዳፍና የእግር ውስጠኛው ክፍል ደግሞ ወዝ የሚያመነጩ ዕጢዎች ጨርሶ ስለሌሏቸው፣ ሌላው አካል በራሱ ወዝ ሲለሰልስ እነርሱ ግን ከውጭ የሚመጣ እርዳታ ይጠብቃሉ። የተረከዝ ንቃቃት ያለበት ሰው ፊቱ በወዝ ሲያበራ የምናየው በዚህ ምክንያት ነው። ስለዚህ ደረቅ ቆዳ በዋናነት ያጣው ነገር ውኃ ነው፤ ዘይቱና ሰሙ የሚፈለጉት ያለውን ውኃ እንዲጠብቁ ነው።

እዚህ ላይ በቤት ውስጥ ቅባት የሚሠሩ ብዙ ሰዎች የማይወዱትን ነገር መናገር አለብኝ። ውኃ እንዳይተን በመከልከል ረገድ ቫዝሊን ከማውቃቸው የተፈጥሮ ዘይቶች ሁሉ ይበልጣል። ሮበርት ቼስብሮ በ1872 በአሜሪካ የፈጠራ መብት ያስመዘገበበት ይህ ከነዳጅ ዘይት ተጣርቶ የሚወጣ ቅባት ሽታ የለውም፣ በቀላሉ አይበላሽም፣ ቆዳ እንዲቆጣ የሚያደርግበት ጊዜም እጅግ ጥቂት ነው። ከነዳጅ ስለወጣ ብቻ መርዝ ነው የሚሉትን አልቀበልም። ታዲያ ለምን የራሴን እሠራለሁ? ቫዝሊን ቆዳ ላይ ተኝቶ ይቀራል፤ ያጣብቃል፣ ልብስ ላይ ይታተማል፣ እጅን ቀብቶ ወዲያው ወረቀት መያዝ አይቻልም። በትክክል የተመጣጠነ የሰምና የዘይት ቅባት ግን ሲቀቡት መጀመሪያ ይቀልጣል፣ ከዚያ ዘይቱ በሕዋሳቱ መካከል ገብቶ ሻካራውን ያለሰልሰዋል፣ ሰሙ ደግሞ ከላይ ስስ ሆኖ ይቀራል። በመከልከል ያነሰውን በምቾት ይክሳል፤ ሰው ደግሞ የሚመቸውን ቅባት ነው አዘውትሮ የሚቀባው።

የንብ ሰም ከእጽዋት የማይሰበሰብ፣ ከንቦቹ ከራሳቸው አካል የሚወጣ ነገር መሆኑ ብዙ ጊዜ ይረሳል። ከተፈለፈሉ ከ12 እስከ 18 ቀን የሆናቸው ሠራተኛ ንቦች ከሆዳቸው በታች ባሉ አራት ጥንድ ዕጢዎች ያመነጩታል፤ ሲወጣ ፈሳሽ ሲሆን አየር ሲነካው ረግቶ ትንንሽ ቅርፊት ይሆናል። አንድ ግራም ሰም ለማግኘት ወደ አንድ ሺህ የሚጠጉ እንዲህ ያሉ ቅርፊቶች ያስፈልጋሉ። ቅርፊቱ አዲስ ሳለ ነጭ ነው፤ ቢጫ ቀለሙን የሚያገኘው በቀፎ ውስጥ ከአበባ ዱቄትና ፕሮፖሊስ ከሚባለው ሙጫ ነው። ስለዚህ ደማቅ ቢጫ የሆነ ሰም የበለጠ ንጹሕ ነው ማለት አይቻልም፤ ብዙ ነገር የነካው ነው እንጂ። በገበያ ላይ የሚገኘው ነጭ ሰም ደግሞ ሽታውና ቀለሙ እንዲለቅ የተጣራ ወይም የነጣ ነው። ለቅባት ሥራ ሁለቱም ይሆናሉ፤ እኔ ቢጫውን የምመርጠው ስለ ሽታው ብቻ ነው፤ ይህ ደግሞ ከጤና ጋር የሚያገናኘው ነገር የለም።

ከቀፎ የወጣ ያልተጣራ ሰም ያገኘ ሰው ከብዙ ውኃ ጋር በዝግታ ያቅልጠው። ሰም ከውኃ ስለሚቀልል ከላይ ይንሳፈፋል፤ በፈሳሽነቱ በስስ ጨርቅ አጥልሎ፣ በዕቃው ውስጥ ሳይነካ እስኪረጋ መተው ነው። በማግሥቱ እንደ ወፍራም ክዳን ሆኖ ሲነሣ ከሥሩ ቡናማ ዝቃጭ ተጣብቆበት ይገኛል፤ ያንን በቢላ ፍቆ መጣል ይበቃል። ከዚያ በኋላ ሰሙ ጨርሶ መድረቁን ማረጋገጥ ያስፈልጋል፤ ለምን እንደሆነ ወደ በኋላ እመለስበታለሁ። ለተወሰነ ጊዜ የተቀመጠ ሰም ፊቱ ላይ አቧራ የመሰለ ነጭ ነገር ያወጣል። ይህን ሻጋታ መስሏቸው የሚጥሉ አሉ፤ ሻጋታ ግን አይደለም፤ በራሱ በሰሙ ውስጥ ያሉ ቀላል ክፍሎች ወደ ላይ ወጥተው ነው፣ በእጅ ሙቀት ሲያሹትም ይጠፋል። እንዲያውም ፓራፊን የሚባለው ከነዳጅ ዘይት የሚወጣ ሰም በተቀላቀለበት ሰም ላይ ይህ ነጭ ነገር እምብዛም ስለማይታይ፣ ሳየው ደስ ከሚሉኝ ምልክቶች አንዱ ነው።

ሰም የሚቀልጠው ከ62 እስከ 64 ዲግሪ ሴልሺየስ ባለው ሙቀት ነው። የሰውነታችን ሙቀት ከዚህ በጣም ያነሰ ስለሆነ ሰም ብቻውን ቆዳ ላይ ሊቀልጥ አይችልም፤ ዘይት ሲቀላቀልበት ግን ሁለቱ ተዋሕደው በጣት ሙቀት የሚለሰልስ ነገር ይሆናሉ። የቅባቱ ጠባይ ሁሉ የተንጠለጠለው በዚህ ምጣኔ ላይ ነው። ከመቶው ውስጥ ሰሙ አሥር ያህል ከሆነ ቅባቱ ይልማል፣ በጣት ሲነኩትም ይፈሳል፤ ሃያ ሲሆን ለእጅና ለተረከዝ የሚስማማ ጠንከር ያለ ቅባት ይሆናል፤ ከሃያ አምስት እስከ ሠላሳ ሲደርስ ለከንፈር በዱላ መልክ የሚቆም ይሆናል። ሞቃት በሆነ ስፍራ የሚኖር ሰው ሰሙን ትንሽ መጨመር፣ ብርዳማ በሆነ ስፍራ የሚኖርም ትንሽ መቀነስ ይኖርበታል። እነዚህን ልኬቶች በማንኪያ ማስላት አይቻልም፤ የተፈቀፈቀ ሰም በማንኪያ ውስጥ አየር ይዞ ስለሚቆለል፣ ሁለት እኩል የሚመስሉ ማንኪያዎች በክብደት በጣም ሊለያዩ ይችላሉ። በግራም የሚለካ ትንሽ ሚዛን ከማንኛውም ውድ ዘይት ይልቅ ለሥራው ይጠቅማል።

የዘይት ምርጫ ሰዎች ብዙ የሚከራከሩበት ጉዳይ ነው፤ ክርክሩም ተገቢ ነው። እኔ የማነሣው የመጀመሪያ ዘይት የወይራ ዘይት ነው፤ ምክንያቱም ከጥንት ጀምሮ በክብር የተያዘና ብዙዎች ያለ ጥያቄ የሚመርጡት እሱ ነው። የወይራ ዘይት ከ55 እስከ 83 በመቶ የሚሆነው ኦሌይክ አሲድ የሚባል ፋቲ አሲድ ነው። ይህ አሲድ በቆዳ ሕዋሳት መካከል ያለውን የቅባት አሰላለፍ የማፍለስ ጠባይ አለው። በ2013 በታተመ አንድ ጥናት ላይ ጎልማሳ ፈቃደኞች ለሳምንታት የወይራ ዘይት ሲቀቡ የቆዳቸው የመከላከል አቅም መቀነሱና ቆዳቸውም በመጠኑ መቅላቱ ታይቷል፤ የሱፍ አበባ ዘይት ግን እንዲህ ያለ ጉዳት አላመጣም። ጥናቱ የተካሄደው በጥቂት ሰዎች ላይ ስለሆነ የወይራ ዘይት ለሁሉም ሰው ጎጂ ነው ለማለት አልደፍርም፤ ጤነኛ ቆዳ ያለው ሰው እጁን ቢቀባው የሚያስፈራ ነገር አይታየኝም። ችፌ ላለበት ሰውና ለሕፃን ቆዳ ግን መሠረት አድርጌ አልጠቀምበትም።

የሱፍ አበባ ዘይት ርካሽና በየቤቱ የሚገኝ በመሆኑ ማንም አያከብረውም፤ እኔ ግን የቅባቴ መሠረት ያደረግሁት እሱን ነው። በተለመደው የሱፍ አበባ ዘይት ውስጥ የሚበዛው ሊኖሌይክ አሲድ የሚባል ሌላ ፋቲ አሲድ ሲሆን፣ ቆዳችን የራሱን ሴራማይድ ለመሥራት ከሚጠቀምባቸው ነገሮች አንዱ ይህ ነው። ነገር ግን ሁሉም የሱፍ አበባ ዘይት አንድ ዓይነት አይደለም፤ ለመጥበሻ ሙቀት እንዲመች ሲባል ኦሌይክ አሲዱ እንዲበዛ ተደርጎ ከተዳቀለ ዘር የሚጨመቅ አለ፤ እሱ በጠባዩ ወደ ወይራው የሚቀርብ ስለሆነ ጠርሙሱ ላይ የተጻፈውን ማንበብ ይገባል። ሊኖሌይክ አሲድ የሚበዛበት ዘይት ጉድለት ደግሞ አለው፤ ከኦክስጅን ጋር ሲገናኝ ቶሎ ይበላሻል። ይህን ለማመጣጠን ጆጆባ ከሚባል የበረሃ ቁጥቋጦ ፍሬ ከሚወጣው ዘይት ጥቂት እጨምርበታለሁ። ጆጆባ ዘይት ቢባልም በኬሚካላዊ አሠራሩ ፈሳሽ ሰም ነው፤ ለረጅም ጊዜ ሳይበላሽ ይቆያል፣ ቆዳ ላይም ሳያጣብቅ ይሰወራል። ዋጋው ከፍ ስለሚል የጠቅላላውን አንድ አሥረኛ ያህል ብቻ ነው የማደርገው።

ስለ ሌሎቹ አጠር አድርጌ ልለፍ። የኮኮናት ዘይት ከ24 ዲግሪ በታች ይረጋል፣ ከዚያ በላይ ይፈሳል፤ ስለዚህ እሱ የበዛበት ቅባት ቀን ሾርባ፣ ሌሊት ድንጋይ ይሆናል፤ ብጉር ለሚወጣበት ፊትም አልመክረውም። የጉሎ ዘይት ወደ 90 በመቶ የሚሆነው ሪሲኖሌይክ አሲድ በመሆኑ እጅግ ወፍራምና የሚያጣብቅ ነው፤ ለከንፈር ቅባት ጥቂት ጠብታ ሲገባበት ያወዛል፣ ከበዛ ግን ከንፈርን ያጣብቃል። ሺያ ከሚባል የአፍሪካ ዛፍ ፍሬ የሚወጣው የሺያ ቅቤ ግን ሊታለፍ የማይገባው ነው። በቆዳ ሙቀት አካባቢ ስለሚቀልጥ ቅባቱ በጣት ሲነካ ከሰሙ ቀድሞ የሚለሰልሰው እሱ ነው፤ ቅባቱን «ክሬም» የሚያሰኘውን ልስላሴ የሚሰጠውም እሱ ነው።

እኔ የማዘወትረው ልክ ለ100 ግራም ቅባት ሰም 18 ግራም፣ የሺያ ቅቤ 22 ግራም፣ የሱፍ አበባ ዘይት 50 ግራም፣ የጆጆባ ዘይት 10 ግራም ነው። ሥራው የሚጀምረው ብልቃጦቹን በሙቅ ውኃና በሳሙና አጥቦ ጨርሶ በማድረቅ ነው። ከዚያ ድስት ውስጥ ጥቂት ውኃ አፍልቼ እሳቱን እቀንሳለሁ፤ ሙቀት የሚችል ጎድጓዳ ዕቃ በላዩ አስቀምጬ ሰሙን ብቻውን እጨምራለሁ። ሰምን በቀጥታ እሳት ላይ መጣድ ክልክል ነው፤ ሙቀቱ ከልክ ሲያልፍ ሊቀጣጠል ይችላል፣ የሚነድ ሰም ላይ ውኃ መድፋት ደግሞ እሳቱን ይበትነዋል እንጂ አያጠፋውም፤ እንዲህ ያለ ነገር ቢደርስ ምድጃውን አጥፍቶ ዕቃውን በክዳን ማፈን ነው። በውኃ እንፋሎት ላይ እስከሆነ ድረስ ግን ሙቀቱ ከ100 ዲግሪ ስለማያልፍ ሥራው ሰላማዊ ነው።

ሰሙ መጀመሪያ ከዳር ዳር መወየብ ይጀምራል፤ ቁርጥራጮቹ ማዕዘናቸውን እያጡ በራሳቸው ፈሳሽ ውስጥ ይዋኛሉ፤ ጨርሶ ሲቀልጥ ወርቃማ ሆኖ የዕቃውን ወለል ያሳያል። በዚህ ጊዜ የክፍሉን ሙቀት የያዘው ዘይት ሲጨመርበት የጠራው ፈሳሽ በአንድ ጊዜ ይደፈርሳል፣ ነጫጭ ክሮችም ይታዩበታል። ይህ የሚያስደነግጥ አይደለም፤ ዘይቱ ስላቀዘቀዘው ሰሙ ለጊዜው ረግቶ ነው፤ በዝግታ እያማሰሉ ጥቂት ደቂቃ ሲጠብቁት ተመልሶ ይጠራል። ይህን ሳይጠብቅ ዕቃውን የሚያወርድ ሰው ቅባቱ ውስጥ የሰም ፍንጣሪ ያገኛል። ከእሳት ከመውረዱ በፊት በማቀዝቀዣ ውስጥ በቆየ ማንኪያ ላይ አንድ ጠብታ ጥዬ እስኪረጋ እጠብቃለሁ፤ በጣቴ ጫን ስለው ወዲያው ከፈሰሰ ሰም፣ ገፍቼው እምቢ ካለኝ ዘይት እጨምራለሁ። ቴርሞሜትርም ሆነ የምጣኔ ሰንጠረዥ ከዚህ የማንኪያ ፈተና የበለጠ እውነት አይነግሩም።

የሺያ ቅቤ ያለበት ቅባት አንድ የታወቀ ጠባይ አለው፤ በሠሩት በጥቂት ቀናት ውስጥ ሲነኩት አሸዋ አሸዋ ይላል። ምክንያቱ በቅቤው ውስጥ ያሉት የቅባት ዓይነቶች የሚረጉበት ሙቀት የተለያየ መሆኑ ነው፤ ቅባቱ በዝግታ ሲቀዘቅዝ ቶሎ የሚረጉት ቀድመው ተሰባስበው ትንንሽ ፍሬ ይሠራሉ። ፍሬዎቹ ቆዳ ላይ ስለሚቀልጡ ጉዳት የላቸውም፤ ደስ ግን አይሉም። መፍትሔው ቅቤውን አንድም ፍሬ እስከማይቀርበት ማቅለጥና ከዚያ በፍጥነት ማቀዝቀዝ ነው፤ እኔ በብልቃጥ ከቀዳሁ በኋላ ክዳኑን ሳልገጥም ለጥቂት ጊዜ ማቀዝቀዣ ውስጥ አስቀምጠዋለሁ። ክዳኑ የማይገጠመው በትኩስነቱ ሲዘጋ ከላይ የሚሰበሰበው ጤዛ ተመልሶ ቅባቱ ላይ እንዳይንጠባጠብ ነው። (የቀለጠ ሰም የነካውን ዕቃ ደግሞ ገና ትኩስ ሳለ በወረቀት መጥረግ፣ ከዚያ በሳሙና ማጠብ ነው፤ በቧንቧ ጉድጓድ የተደፋ ሰም ውስጥ ገብቶ ይረጋና ውኃ ያስቆማል።)

ስለ ውኃ ይህን ያህል የምጠነቀቀው ለምን እንደሆነ አሁን ላብራራ። በጥንት ጊዜ በዛሬዋ ቱርክ በነበረችው በጴርጋሞን ከተማ የተወለደው ሐኪም ጋሌኖስ፣ በሁለተኛው መቶ ዘመን፣ የንብ ሰምን ከወይራ ዘይትና ከጽጌረዳ ውኃ ጋር በማሸት የሚዘጋጅ ቅባት እንደሠራ ይነገርለታል። ያ ቅባት ቆዳ ላይ ሲቀባ ውኃው ስለሚተን የቅዝቃዜ ስሜት ይሰጣል፤ «ቀዝቃዛ ክሬም» የሚባለው ወገን የመጣው ከዚያ ነው። ነገር ግን ዘይትና ውኃ በባሕርያቸው አይስማሙም፤ የንብ ሰም ብቻውን ጥቂት ውኃ ለጊዜው ይይዝ እንደሆነ እንጂ በአስተማማኝ ሁኔታ አያዋሕዳቸውም። ኋላ ላይ ይህን ለማሻሻል ቦራክስ የሚባል ማዕድን ተጨመረበት፤ ቦራክሱ በሰሙ ውስጥ ካሉት ነፃ አሲዶች ጋር ተዋሕዶ ሳሙና ይፈጥራል፣ ሳሙናው ደግሞ ውኃውንና ዘይቱን ያስታርቃል። አሠራሩ ብልሃት የተሞላ ነው፤ ቦራክስ ግን ዛሬ በአውሮፓ ኅብረት ሕግ የመራባትን ጤና ይጎዳሉ ተብለው ከተመደቡ ኬሚካሎች አንዱ ስለሆነ በቤት ውስጥ ለሚሠራ ቅባት አልመክረውም። ዛሬ ለዚሁ ሥራ የሚሆኑ ሌሎች ማዋሐጃዎች ስላሉ የግድ የሚያሰኘውም ነገር የለም።

ዋናው ችግር ግን መዋሐዱ አይደለም። ውኃ ያለበት ቅባት ሁሉ ባክቴሪያና ሻጋታ የሚያድግበት ስፍራ ነው። በዘይትና በሰም ብቻ በተሠራ ቅባት ውስጥ ተሐዋስያን የሚራቡበት ውኃ ስለማያገኙ አይበዙም፤ የሬት ጭማቂ፣ የጽጌረዳ ውኃ ወይም የተፈላ ቅጠል የገባበት ቅባት ግን ተስማሚ መከላከያ ካልተጨመረበት በቀናት ውስጥ ሊበከል ይችላል። የሚያሳስበው ደግሞ ብክለቱ ሁልጊዜ የማይታይ መሆኑ ነው፤ ሻጋታ በዓይን እስኪታይ ድረስ ባክቴሪያው ብዙ ጊዜ ሲራባ ቆይቷል። በዚህ ላይ «ቫይታሚን ኢ ጨምሬበታለሁ፣ አይበላሽም» የሚል አነጋገር በየስፍራው ይሰማል። ቫይታሚን ኢ ዘይቱ ከኦክስጅን ጋር ሲገናኝ የሚደርስበትን መበላሸት ያዘገያል፤ ባክቴሪያን ግን አይገድልም፣ ሻጋታንም አያስቆምም። የሮዝመሪ ተዋጽኦም እንዲሁ ነው። ሁለቱ የተለያዩ የመበላሸት ዓይነቶች ናቸው፤ አንዱን የሚከላከለው ነገር ለሌላው አይሆንም። ፋብሪካዎች በክሬማቸው ውስጥ የሚጨምሩት ብዙዎቻችን የምንፈራው መከላከያ የሚሠራው ይህን ሥራ ነው፤ ውኃ ያለበት ክሬም መቀባት የሚፈልግ ሰው መከላከያ ያለበትን ገዝቶ ቢቀባ ከእኔ ወጥ ቤት ከሚወጣ መከላከያ የሌለው ክሬም ይሻለዋል። እኔ ውኃውን ትቼ መከላከያውንም ተውኩት፤ ምርጫዬ ይኸው ነው።

ሽታ የመጨመር ነገር ብዙ ፈተና አለበት። መዓዛማ ዘይቶች ከእጽዋት ስለወጡ ለስላሳ ይመስላሉ፤ ነገር ግን እጅግ የጠነከሩ ናቸው፣ አለርጂ ከሚያስነሡ ነገሮችም መካከል ናቸው። ፊት ላይ ለሚቀባ ነገር ከመቶ አንድ እጅ እንኳ ብዙ ነው። ተጨምቀው የሚወጡ የሎሚና የቤርጋሞት ዘይቶች ደግሞ ፉራኖኩማሪን የሚባል ነገር ስለያዙ፣ እነርሱን ቀብቶ ፀሐይ ላይ የወጣ ሰው ቆዳው ሊቃጠልና ለረጅም ጊዜ የሚቆይ ጥቁር ምልክት ሊቀርበት ይችላል። የቀረፋ ዘይትማ ከንፈር ላይ ጨርሶ ባይደርስ ይመረጣል። እኔ ምንም አልጨምርም፤ የሰሙ ሽታ ይበቃኛል። ከዚሁ ጋር የሚሄድ አንድ ነገር ልጨምር፦ ዚንክ ኦክሳይድ ገዝተው ቅባቱ ውስጥ እየበጠበጡ የፀሐይ መከላከያ ሠራን የሚሉ ሰዎች አሉ። ዚንኩ በቅባቱ ውስጥ በእኩል መበተኑንና ምን ያህል ጨረር እንደሚያስቀር በቤት ውስጥ መለካት አይቻልም፤ ስለዚህ የፀሐይ መከላከያ በቤት የሚሠራ ነገር አይደለም።

አቀባቡን በተመለከተ፣ ቅባቱ ራሱ ውኃ ስለሌለው ደርቆ በቆየ ቆዳ ላይ ሲቀባ የሚጠብቀው ነገር ጥቂት ነው። ከታጠቡ በኋላ በፎጣ ጠረግ ጠረግ አድርጎ ቆዳው ገና እርጥበት እንዳለው መቀባት ትልቅ ለውጥ ያመጣል። መጠኑም ትንሽ ነው፤ ለሁለት እጅ የአተር ፍሬ የሚያህል ይበቃል፤ መጀመሪያ በመዳፍ መካከል እስኪቀልጥ አሽቶ ከዚያ መቀባት ነው። ተረከዙ ለተሰነጠቀ ሰው ማታ እግሩን ለጥቂት ደቂቃ ለብ ባለ ውኃ ነክሮ፣ ቀብቶ፣ ካልሲ አድርጎ መተኛት ይረዳዋል። ደም የሚያወጣ ስንጥቅ፣ መግል ያለው ቁስል ወይም እየሰፋ የሚሄድ ሽፍታ ላይ ግን ይህ ቅባት ቦታ የለውም፤ የስኳር ሕመም ያለበት ሰው የእግር ቁስልማ በቀጥታ ወደ ሐኪም የሚያስኬድ ነው። ብጉር የሚያስቸግረው ፊት ላይም ከባድ ስለሚሆን ለእጅ፣ ለክርን፣ ለጉልበትና ለተረከዝ ማቆየቱ ይሻላል።

ቅባቱ በባክቴሪያ ባይበላሽም ዘይቱ ያረጃል። ብርሃን፣ ሙቀትና አየር ሦስቱም ያፋጥኑታል፤ ጥቁር ወይም ቡናማ ብልቃጥ፣ ጥላ ያለበት መደርደሪያና በደረቅ ጣት የመንካት ልማድ ዕድሜውን ያራዝሙታል። በመታጠቢያ ቤት ማስቀመጥ የተለመደ ቢሆንም በእርጥብ እጅ የሚነካው እዚያ ስለሆነ አልወደውም። የቅባቱ ዕድሜ ቶሎ ከሚበላሸው ዘይት ዕድሜ አይበልጥም፤ ጠርሙሱ ላይ ቀኑ ሊያልፍ የተቃረበ ዘይት ከሰም ጋር ስለቀለጠ አዲስ አይሆንም። መበላሸቱን አፍንጫ ቀድሞ ያውቀዋል፤ የማር ሽታው ጠፍቶ የከረመ ዘይት ሽታ ሲተካ መጣል ነው። ለዚህም ትልቅ ብልቃጥ ከመሙላት ይልቅ 30 ግራም በሚይዙ ትንንሾች መቅዳት እመርጣለሁ፤ አንዱ እስኪያልቅ ሌላው ሳይከፈት ይቆያል።

ለሰው ስሰጥ በብልቃጡ ላይ የተሠራበትን ቀንና የገባበትን ሁሉ በብዛቱ ቅደም ተከተል እጽፋለሁ። ይህ ለማማር የሚደረግ አይደለም፤ አንዳንዱ ሰው ለአንድ ዘይት አለርጂ እንዳለው ያውቃል፣ ስሙን ካላየ ግን ሊጠነቀቅ አይችልም። በሰሙ ውስጥ የሚቀር ጥቂት ፕሮፖሊስም ቆዳቸውን የሚያስቆጣባቸው ሰዎች አሉ። ስለዚህ በክንድ ውስጠኛ ክፍል ላይ በትንሹ ቀብቶ እስከ 48 ሰዓት መጠበቅን አብሬ እነግራለሁ፤ ቢቀላ ወይም ቢያሳክክ እስኪለምደው ልታገሠው የሚባል ነገር የለም፣ ወዲያው ታጥቦ መተው ነው። የንብ ሰም ለማይስማማው ሰው ሰሙን ትቼ በኮኮዋ ቅቤ ብቻ የረጋ እሠራለታለሁ፤ ከ34 እስከ 38 ዲግሪ ባለው ሙቀት ስለሚቀልጥ በኪስ መያዝ አይመችም፣ ቆዳ ላይም እንደ ሰሙ አይቆይም፤ ማታ ቀብቶ ለሚተኛ ሰው ግን ይበቃል።